በአሜሪሲየም የሚሠራው ስሞክ ዲቴክተር፦ ለሐበሻ ቤት ይሆናል?

የዛሬው ዕቃ ከሃርድዌር ሱቅ በርካሽ የሚገኘው፣ ሳጥኑ ላይ "አዮናይዜሽን" የሚል የተጻፈበት ስሞክ ዲቴክተር፣ ማለትም ጭስ ሲገባበት የሚጮኸው አላርም ነው። ዋጋው ከ20 ዶላር በታች። ነጭ ክብ ፕላስቲክ፣ መሀሉ ላይ መሞከሪያ ቁልፍ፣ ጎኑ ላይ ብልጭ የምትል ትንሽ መብራት። የኩባንያውን ስም አልጠራም፤ የምወቅሰው የአንድ ኩባንያን ሥራ ሳይሆን የዕቃውን ዓይነት ነው፤ ማንም ቢሠራው ያው ነው።

ፍርዴን ከወዲሁ ልናገር። ዕቃው ጥሩ ነው፤ ወጥ ቤት አጠገብ ግን አይሆንም። ሰው ሁሉ የሚፈራው ውስጡ ካለው አሜሪሲየም የሚወጣውን ጨረር ነው፣ እሱ ምንም አላስቸገረኝም። ያስመረረኝ ሌላ ነው።

ቡናው ይቅደም። ቡና መቁላት ከዚህ ዕቃ ጋር ጠብ መጫር ነው። ፍሬው ገና ቡናማ እየሆነ፣ ጭሱ በዓይን በደንብ ሳይታይ፣ ኮሪደሩ ላይ የተሰቀለው አላርም ይጀምራል። መጥበሻውን ይዞ ጭሱን ለእንግዶች ማዞርማ አይታሰብም። አንዱ ወንበር ላይ ወጥቶ በፎጣ ያራግባል፣ ሌላው መስኮት ይከፍታል፣ ሕፃን ያለቅሳል፣ ቡናው ያርራል። ምጣዱም እንደዚያው ነው። የኤሌክትሪክ ምጣዱ ግሎ ማሰሻው ሲያልፍበት የምትወጣዋ ስስ ጭስ ትበቃዋለች። ሽንኩርት በድስት እስኪቁላላ ድረስ ታግሶኝ፣ የጋለ ዘይት ውስጥ በርበሬ ሲገባ ትዕግሥቱ ያልቃል። ጥብስ ከሆነ ደግሞ ሥጋው መጥበሻውን ሲነካ ነው የሚጮኸው። ሳይጠሩት አቤት፣ ሳይልኩት ወዴት የሚባለው ዓይነት ነው።

ይሄን ጊዜ ብዙ ሰው የሚያደርገውን ታውቃላችሁ። ፌስታል አጥልቆ በላስቲክ ያስራል። ወይም ባትሪውን ነቅሎ መሳቢያ ውስጥ ይጥላል። ስንት ቤት ገብቼ ጣሪያ ላይ ቢጫ ፌስታል እንደለበሰ የቀረ አላርም አይቻለሁ። ይሄ ነው እንግዲህ የዕቃው ትልቁ ጉድለት፦ በጩኸቱ አሰልችቶ ሰው ራሱ እንዲያጠፋው ያደርጋል። የጠፋ አላርም ደግሞ እሳት ሲመጣ ከጣሪያ ጌጥ አይሻልም።

ለምን እንደዚህ እንደሚሆን ለማወቅ ከፕላስቲኩ ውስጥ ያለውን ነገር ማወቅ ይጠይቃል። እኔ ደግሞ ኬሚስትሪ ያስደስተኛል፣ ስለዚህ ትንሽ ታገሡኝ።

ውስጡ ሁለት ትንንሽ ብረቶች ፊት ለፊት ተቀምጠዋል፣ በመሀላቸው አየር አለ። አየር በራሱ ኤሌክትሪክ አያሳልፍም። እንዲያሳልፍ የምታደርገው በአንደኛው ብረት ላይ የተቀመጠች፣ የጥቂት ሚሊ ሜትር ስፋት ያላት ነጥብ ናት። እዚያች ነጥብ ላይ ያለው አሜሪሲየም ዳይኦክሳይድ ይባላል፤ አሜሪሲየም ከኦክስጅን ጋር ተዋሕዶ ማለት ነው። አሜሪሲየም ከነዩራኒየምና ፕሉቶኒየም ቤተሰብ፣ ከአክቲናይዶቹ ወገን ነው። አሜሪሲየም 241 ራዲዮአክቲቭ ነው፤ በዚህች ዕቃ ውስጥ ያለው መጠን በየሰከንዱ 37 ሺህ ያህል አልፋ የምትባል የጨረር ቅንጣት ይተፋል። እያንዳንዷ ቅንጣት አየር ላይ ጥቂት ሴንቲ ሜትር ብቻ ሄዳ ትቆማለች። እስክትቆም ድረስ ግን የናይትሮጅንና የኦክስጅን ሞለኪውሎችን እየገጨች ኤሌክትሮናቸውን ታስጥላቸዋለች። ኤሌክትሮን የተነጠቁት አዮን፣ ማለትም ኤሌክትሪክ የተሸከሙ ይሆኑና ወደየብረታቸው ይሳባሉ። በዚህ መንገድ በጣም ትንሽ ኤሌክትሪክ ሌት ተቀን ይፈሳል። ዕቃው ሥራዬ ብሎ የሚጠብቀው ይህችን ፍሰት ነው። ጭስ ሲገባ ብናኙ አዮኖቹን ይይዛቸዋል፤ ብናኝ ከአዮን ጋር ሲወዳደር ግዙፍ ስለሆነ አዮኑ መራመድ ያቅተዋል፣ ፍሰቱ ይቀንሳል፣ ጩኸቱ ይመጣል።

አሁን ልብ በሉ። ፍሰቱን ይበልጥ የሚቀንሰው ብዛት ያለው ደቃቅ ብናኝ ነው። እሳት ቦግ ብሎ ሲነድ የሚያወጣው በዓይን የማይታይ ደቃቅ ብናኝ ነው፤ ስለዚህ ወረቀት ወይም መጋረጃ በነበልባል ሲያያዝ ይሄ ዕቃ ከሌሎቹ ቀድሞ ይደርሳል። መልካም። ችግሩ የጋለ መጥበሻና ምጣድም የሚያወጡት ይህንኑ ደቃቅ ብናኝ መሆኑ ነው። አላርሙ የቡናውን ጭስ ከእኛ ዓይን በፊት የሚያየው ለዚህ ነው። ተበላሽቶ አይደለም፣ እንደተሠራለት እየሠራ ነው። ብትመልሱት ሱቁ የሚሰጣችሁ አዲሱም እንደዚያው ይጮኻል።

ወደ ጨረሩ ልምጣ፤ ሰው የሚጠይቀኝ እሱን ነውና። አክስቴ ከአዲስ አበባ ለጥየቃ መጥታ፣ አንዱን ለማጽዳት ሳወርደው ጀርባው ላይ ያለችውን የራዲዮአክቲቭ ምልክት አየችና ደነገጠች።

"ልጄ፣ ይሄን ነገር ሕፃን ከሚተኛበት አናት ላይ ነው የምትሰቅሉት?"

"አዎ እትዬ፣ ግን ከዚያ ወርዶ የሚነካው የለም።"

"ጨረር ደግሞ ምን መውረድ ያስፈልገዋል!"

እውነቷን ነው፣ ጥያቄው ጥያቄ ነው። መልሱ ሁለት ነው። አንደኛው ስለ ጨረሩ፣ ሁለተኛው ስለ ኬሚስትሪው፤ ለእኔ የሚበልጠው ሁለተኛው ነው።

አልፋ ቅንጣት ከባድ ናት፣ አትርቅም። ወረቀት ያስቆማታል፤ ጥቂት ሴንቲ ሜትር አየር ራሱ ያስቆማታል። ከጣሪያ እስከ አልጋ የሚደርስ አልፋ የለም። ከእሷ ጋር ደካማ ጋማ ጨረር አለ፣ ጥቂቱ ከፕላስቲኩ ይወጣል። የአሜሪካ የኑክሌር ተቆጣጣሪ ኮሚሽን እ.ኤ.አ. በ2001 ባወጣው ጥናት፣ ቤቱ ውስጥ ሁለት እንዲህ ያለ ዕቃ ያለው ሰው በዓመት ከ0.002 ሚሊሬም ያነሰ ጨረር ያገኛል፤ ሚሊሬም የጨረር መጠን መለኪያ ነው። አንድ አሜሪካ ውስጥ የሚኖር ሰው ከመሬት፣ ከሰማይ፣ ከሬደን ጋዝ፣ ከራጅና ከሕክምና በአማካይ በዓመት የሚያገኘው 620 ሚሊሬም ያህል ነው። አክስቴ ከአዲስ አበባ ዋሽንግተን በአውሮፕላን ስትመጣ የተቀበለችው ከስሞክ ዲቴክተሩ በብዙ ሺህ እጥፍ ይበልጣል። ይህን ስነግራት "ታዲያ በምን ልመለስ?" አለችኝ፣ ሌላ ጣጣ።

ኬሚስትሪው ደግሞ እንዲህ ነው። ለምንድን ነው ዳይኦክሳይድ የሆነው? አሜሪሲየሙን በንጹሕ ብረትነቱ ወይም በክሎራይድ መልክ ማስቀመጥ አይቻልም ነበር? ብረቱ አየር ሲያገኘው ቀስ በቀስ ይበላሻል። ክሎራይዱ ውሃ ውስጥ ይሟሟል፤ አንድ ቀን ዕቃው ቢሰበር በእርጥብ እጅ፣ በወለል መወልወያ እየተዛመተ ይሄዳል። ዳይኦክሳይዱ ግን ውሃ ውስጥ አይሟሟም፣ አይተንም፣ የቤት ቃጠሎ ሙቀት አያቀልጠውም። ጠቆር ያለ፣ ከእርሳስ ብረት ትንሽ የሚከብድ ጠጣር ነገር ነው። በክሪስታሉ ውስጥ እያንዳንዱ አሜሪሲየም በስምንት ኦክስጅን ተከቧል፣ እያንዳንዱ ኦክስጅን ደግሞ አራት አሜሪሲየም ይዟል። በኑክሌር ማመንጫ ውስጥ ነዳጅ የሚሆነው ዩራኒየም ዳይኦክሳይድም አሠራሩ ይሄው ነው። ቶሪየም ዳይኦክሳይድም እንደዚሁ። እሱን እንኳን ሳናውቀው ብዙዎቻችን አብረን ያመሸን ይመስለኛል፤ በማሾ ውስጥ ቦግ ብላ የምታበራዋ ነጭ መረብ ለረጅም ዘመን የምትሠራው በቶሪየም ዳይኦክሳይድ ነበር።

አንድ የሚገርም ነገር አለ። አሜሪሲየም ውሃ ውስጥ ሲሆን ሦስት ኤሌክትሮን ሰጥቶ መቀመጥ ነው የሚወደው። አራተኛውን አስገድደው ቢወስዱበት ከአካባቢው አንድ ኤሌክትሮን ነጥቆ ወደ ሦስቱ ይመለሳል። በዳይኦክሳይዱ ውስጥ ግን አራቱንም ሰጥቶ፣ በኦክስጅኖች መሀል ተቆልፎ፣ ዝም ብሎ ይኖራል። ጠባዩን ማየት የሚፈልግ ላቦራቶሪ ሃይድሮክሎሪክ አሲድ ውስጥ ይጨምረዋል፤ ያኔ ከክሎራይዱ ኤሌክትሮን ይነጥቃል፣ የክሎሪን ጋዝ ይወጣል፣ አሜሪሲየሙም ወደ ሦስትነቱ ተመልሶ ይሟሟል። ቤት ውስጥ ካለ ውሃና ሳሙና ጋር ግን ንቅንቅ የለም። አንድ ሰው ያቺን ነጥብ ቢውጥ እንኳን አብዛኛው ሳይሟሟ በሆድ ዕቃ አልፎ ይወጣል። የተሟሟ አሜሪሲየም ቢሆን ኖሮ ወደ ደም የሚገባው ክፍል ጉበትና አጥንት ላይ ይቀመጥ ነበር፣ እሱ ነው አደጋው። ስለዚህ የሕፃኑ ጠባቂ የፕላስቲኩ ክዳን ብቻ አይደለም፣ ኦክስጅኖቹም ናቸው። ይህን ሁሉ ብዬ ግን አደራ የምለው አለ፦ ፈታታችሁ ነጥቧን አትፈልፍሉ፣ አትፋቁ። የአሜሪሲየም ብናኝ ወደ ሳምባ ከገባ ጨዋታው ሌላ ነው፤ አልፋ በወረቀት የምትቆመው ከሰውነት ውጭ ስትሆን ነው።

አሠራሩም ለዚህ ታስቦበት ነው። አሜሪሲየሙ መጀመሪያ አሲድ ውስጥ ሟሙቶ ነው ያለው። ኦክሳሊክ አሲድ ሲጨመርበት አተላ ሆኖ ከታች ይዘቅጣል። ተጣርቶ፣ ደርቆ፣ አየር ባለበት እስከ 700ና 800 ዲግሪ ሴንቲግሬድ ይጋላል፤ ካርቦኑ በጋዝ መልክ ይወጣና ዳይኦክሳይዱ ይቀራል። ይሄ ዱቄት ከወርቅ ጋር ተደባልቆ ይታመቃል፣ በሙቀት ይያያዛል። ከሥር ብር፣ ከላይ አልፋዋ ሾልካ እንድትወጣ በጣም የሳሳ የወርቅና የፓላዲየም ሽፋን ይደረግለታል። ከዚያ ተዳምጦ እንደ ወረቀት ይሳሳል፣ ከእሱ ትንንሽ ክቦች ይቆረጣሉ። በ20 ዶላር ዕቃ ውስጥ ብርም፣ ወርቅም፣ ፓላዲየምም፣ ሰው ሠራሽ ንጥረ ነገርም አለ። ወርቅ አለ ብላችሁ ግን እንዳትከፍቱት፤ ለቀለበት አይደለም ለጥርስም አይበቃም።

ዋጋን ካነሳን የአሜሪካ የአቶሚክ ኃይል ኮሚሽን አሜሪሲየም ዳይኦክሳይድን እ.ኤ.አ. በ1962 ለሽያጭ ያቀረበው ግራሙን በ1,500 ዶላር ነበር። ውድ ይመስላል። አንድ ስሞክ ዲቴክተር የሚፈልገው ግን ከአንድ ማይክሮ ግራም ሲሶ እንኳን አይሞላም፤ አንድ ግራም አሜሪሲየም ከ3 ሚሊዮን በላይ ዕቃ ይበቃዋል። ለእያንዳንዱ ሲካፈል የሳንቲም ክፍልፋይ ነው። ስለዚህ ሻጩ "ውስጡ ብርቅ ንጥረ ነገር ስላለ ነው" ብሎ ዋጋ ቢሰቅልባችሁ እንዳትሰሙት።

የተገኘበት ታሪክ አጭር ነው ግን ደስ ይላል። ግሌን ሲቦርግ፣ ራልፍ ጄምስ፣ ሊዮን ሞርጋንና አልበርት ጊዮርሶ እ.ኤ.አ. በ1944 ቺካጎ ውስጥ በጦርነቱ ሥራ ላይ እያሉ ነው ያገኙት። ከጎረቤቱ ንጥረ ነገር ከኪዩሪየም መለየት አሳራቸውን ስላበላቸው በመካከላቸው አንዱን "ፓንዴሞኒየም" ሌላውን "ዴሊሪየም" እያሉ ይቀልዱ ነበር፤ የአጋንንት ከተማና የትኩሳት ቅዠት እንደ ማለት። ዜናው ለሕዝብ የተሰማው በሳይንስ ጉባኤ አይደለም። እ.ኤ.አ. ኅዳር 1945 ሲቦርግ የልጆች የሬዲዮ ፕሮግራም ላይ ቀርቦ፣ አንድ ልጅ አዲስ ንጥረ ነገር ተገኝቷል ወይ ብሎ ቢጠይቀው ተነፈሰው። ጭስን በአዮን መለየት ደግሞ ከዚያ በፊት የመጣ ነገር ነው። ስዊዘርላንዳዊው ዋልተር ያገር እ.ኤ.አ. በ1930ዎቹ የመርዝ ጋዝ መለያ ሊሠራ ሞክሮ አልሆን ሲለው ሲጋራ ለኮሰ፣ የኤሌክትሪክ መለኪያው ተንቀሳቀሰ። ሲጋራ ለሰው የጠቀመበት ቀን ቢኖር ያ ነው።

ታዲያ ምን ይገዛ? ሌላው ዓይነት "ፎቶኤሌክትሪክ" የሚባለው ነው። አሜሪሲየም የለበትም። ጨለማ ክፍል ውስጥ መብራት ያበራል፣ ጭስ ሲገባ ብርሃኑ ተበትኖ መቀበያው ላይ ያርፋል። እሱ የሚያየው ተለቅ ያለ ብናኝን ነው፣ ማለትም ሳይነድ እየተብሰለሰለ የሚጨስን ነገር፦ ሶፋ ውስጥ የወደቀ ሲጋራ፣ ፍራሽ፣ የጋለ የኤሌክትሪክ ሽቦ። በእንዲህ ያለው እሳት የአሜሪሲየሙ ዕቃ ብዙ ደቂቃ ሊዘገይ ይችላል፣ ይሄ ሁለተኛ ጉድለቱ ነው፣ ከቡናው ጩኸት የሚብሰውም እሱ ነው። ሰው ተኝቶ የሚሞተው ብዙ ጊዜ በጭስ ነውና። ማሳቹሴትስ ከወጥ ቤትና ከመታጠቢያ ቤት በ20 ጫማ ውስጥ ፎቶኤሌክትሪክ ብቻ እንዲሰቀል የሚያዝዘው ያለ ምክንያት አይደለም። ፈረንሳይ ውስጥማ የአሜሪሲየሙን ዓይነት ለመኖሪያ ቤት አይፈቅዱም።

እኔ አሁን ከወጥ ቤቱ ውጭ ያለው ኮሪደር ላይ ፎቶኤሌክትሪክ ሰቅያለሁ፣ የአሜሪሲየሙን ደግሞ ራቅ አድርጌ መኝታ ቤት በኩል። ቡናው አሁን በሰላም ይቆላል፤ በጣም ካላረረ በቀር። እጣኑ ግን ከሁለቱም ጋር አልታረቀም፤ ነጭ ወፍራም ጭስ ለፎቶኤሌክትሪኩም ጭስ ነው፣ ስለዚህ ማጨሻው ወደ በረንዳው በር ተጠግቷል። የሻወር እንፋሎትም ሁለቱንም ያሳስታቸዋል። ሁለቱን በአንድ ላይ የያዘ ዕቃም አለ፣ ለመኝታ ቤት ጥሩ ነው፤ ወጥ ቤት አጠገብ ከሰቀላችሁት ግን የአሜሪሲየሙ ክፍል ያው አመሉ አብሮ መጣ ማለት ነው።

ጥቃቅን ነገሮች። ድምፁ ጥሩ ነው፣ ከእንቅልፍ ይቀሰቅሳል፣ ጎረቤትም ይቀሰቅሳል። ዝም ማሰኛ ቁልፉ ለጥቂት ደቂቃ ያበርደዋል፤ ፌስታል ከማልበስ እሱን መጫን ይሻላል። ባትሪው ሲዳከም "ጢው" የምትለዋ ድምፅ ግን ምን እንደምላት አላውቅም። ሁሌ ሌሊት ነው የምትጀምረው፣ ምክንያቱም ቤቱ ሲቀዘቅዝ የባትሪው ኃይል ይወርዳል። ሜሪላንድ ውስጥ በባትሪ ብቻ የሚሠራ ከሆነ ባትሪው 10 ዓመት የሚቆይ፣ የማይነቀልና ዝም ማሰኛ ያለው እንዲሆን ሕጉ ያዝዛል። ተከራይ ከሆናችሁ አከራያችሁ አሮጌውን ትቶላችሁ ከሆነ ጠይቁት፣ መብታችሁ ነው።

"10 ዓመት ከሆነው ይቀየር" ሲባል አሜሪሲየሙ አልቆ አይደለም። ግማሽ ዕድሜው፣ ማለትም ግማሹ እስኪጎድል የሚፈጀው ጊዜ፣ 432 ዓመት ነው፤ በ10 ዓመት ውስጥ ከመቶ ሁለት እንኳን አይጎድልም፣ የጎደለውም ኔፕቱኒየም ሆኖ እዚያው ይቀመጣል። የሚያረጀው ኤሌክትሮኒክሱ ነው፣ የሚሞላው አቧራና የወጥ ቤት ቅባት ነው። ገለበጥ አድርጋችሁ ጀርባው ላይ የተሠራበትን ቀን እዩ፤ የገዛችሁበትን ሳይሆን የተሠራበትን፣ ሱቅ ውስጥ የከረመ ሊሆን ይችላል። ያለፈበትን ሳትፈቱ እንዳለ ጣሉት። የፌዴራሉ ደንብ ከቤት ቆሻሻ ጋር እንዲጣል ይፈቅዳል፤ አንዳንድ ካውንቲ ግን ለብቻ ስለሚሰበስብ ደውላችሁ ጠይቁ። አምራቹም መልሶ የሚቀበል ከሆነ አድራሻው መመሪያው ላይ አለ።